ሲሲ የሌለው መኪና፦ የኤሌክትሪክ መኪና ማስመዝገቢያ ሂደት፣ ወጪውና የመንገዱ ጥያቄ

መንደርደሪያ

እንደሚታወቀው በጥር ወር 2016 ዓ.ም. የትራንስፖርትና ሎጂስቲክስ ሚኒስቴር በነዳጅ የሚሠሩ የግል መኪኖች ከእንግዲህ ወደ አገር ውስጥ እንደማይገቡ ለሕዝብ አሳወቀ። ከዚያን ጊዜ ወዲህ በአዲስ አበባ ጎዳናዎች ላይ ድምፅ የሌለው መኪና ማየት ብርቅ መሆኑ ቀርቷል። ስለ ባትሪው ዕድሜ፣ ስለ ቻርጅ ማድረጊያ ቦታ፣ ስክሪኑ ላይ ስለሚታየው የቻይንኛ ጽሑፍ በየሻይ ቤቱ ሲወራ እንሰማለን። ስለ ምዝገባው ግን ብዙም አይወራም። ለምን ቢባል ምዝገባ አሰልቺ ነገር ነው፤ ወረፋ፣ ፎቶ ኮፒ፣ ማኅተም። እኔም ታላቅ ወንድሜ በ2017 ዓ.ም. የኤሌክትሪክ መኪና ገዝቶ በየቢሮው አብሬው እስክዞር ድረስ የማስበው እንደዚሁ ነበር።

በዚያው ሴሚስተር የመንግሥት ፋይናንስ ትምህርት እንወስድ ነበርና፣ ክፍል ውስጥ "ተጠቃሚው ይክፈል" የሚለውን መርህ ተምሬ ስወጣ ከሰዓት በኋላ የወንድሜን ዶሴ ይዤ መስኮት ላይ እቆማለሁ። ሁለቱን ሳገናኛቸው አንድ ነገር ታየኝ። የመኪና ቀረጣችን፣ ሊብሬያችን፣ ምርመራችንና የመንገድ ገንዘባችን ሁሉ የተጻፉት በነዳጅ ሞተር ቋንቋ ነው። ያ ሞተር ሲወጣ ቋንቋው ባዶ ቦታ ይተዋል፤ ባዶ ቦታውን የሚሞላው ክፍያ ደግሞ ዞሮ ዞሮ ወደ ምዝገባው መስኮት መምጣቱ የማይቀር ነው። የዚህ ጽሑፍ ዓላማ ይህንን ማሳየት ነው። ለሌላ ትምህርት ክፍል አንባቢያን እንዲመች ቃላቱን እያብራራሁ እሄዳለሁ።

ቀረጡ

ሲሲ የሚባለው በሞተሩ ሲሊንደሮች ውስጥ ያለው ይዘት ነው። ሊትር ውስጥ አንድ ሺህ ሲሲ አለ፤ ስለዚህ "1300 ሞተር" ስንል 1.3 ሊትር ማለታችን ነው። በአገራችን የመኪና ግብር ታሪክ ውስጥ ይህ ቁጥር ያለውን ሥልጣን ያህል ሌላ ቁጥር የለውም። በ2012 ዓ.ም. የወጣው የኤክሳይዝ ታክስ አዋጅ ቁጥር 1186 አዲስ የቤት መኪናን የለየው በሲሲ ነበር፤ እስከ 1300 ሲሲ 5 በመቶ፣ ከ1301 እስከ 1800 ሲሲ 60 በመቶ፣ ከዚያ በላይ 100 በመቶ። ያገለገለ ሲሆን ደግሞ ዕድሜው እየተጨመረበት እስከ 500 በመቶ ይደርሳል። አባቶቻችን "ቪትስ ይሻላል" ሲሉ የነበረው ስለ ውበቷ አልነበረም ማለት ነው።

ነገሩ ግልጽ እንዲሆን አንድ ስሌት እንሥራ። መኪናው ከነማጓጓዣውና ከነመድኑ 1,000,000 ብር ነው እንበል። የጉምሩክ ቀረጡን ለስሌት እንዲመቸን 30 በመቶ እንያዝ፤ 300,000 ብር። የኤክሳይዝ ታክስ የሚሰላው በዋጋውና በቀረጡ ድምር ላይ ስለሆነ፣ በ1,300,000 ላይ 60 በመቶ ስንጥል 780,000 ብር ይመጣል። ቫት ደግሞ በዚህ ሁሉ ድምር፣ ማለትም በ2,080,000 ላይ 15 በመቶ፤ 312,000 ብር። በመጨረሻ ሱር ታክስ እስካሁን በተደመረው በ2,392,000 ላይ 10 በመቶ፤ 239,200 ብር። ጠቅላላው የመንግሥት ድርሻ 1,631,200 ብር ሆነ፤ ከመኪናው ራሱ በላይ! ልብ በሉ፣ ታክሱ የሚከብደው መጠኑ ትልቅ በመሆኑ ብቻ ሳይሆን አንዱ በሌላው ትከሻ ላይ ስለሚወጣ ነው። ለዚህ ነው አንዱን ማንሳት ሌሎቹንም አብሮ የሚያቀለው።

አሁን የኤሌክትሪክ መኪናውን እንመልከት። ሲሲ የለውም። በአዋጁ ሠንጠረዥ ውስጥ የት ይግባ? የገንዘብ ሚኒስቴር እ.ኤ.አ. በ2022 የሰጠው መልስ ቦታ መፈለግ ሳይሆን ማንሳት ነበር። በዚያ ውሳኔ የኤሌክትሪክ መኪኖች ከኤክሳይዝ፣ ከቫትና ከሱር ታክስ ነፃ ሆኑ። የጉምሩክ ቀረጡም ተገጣጥሞ ለሚገባ 15 በመቶ፣ በከፊል ተበታትኖ ለሚገባ 5 በመቶ፣ ሙሉ በሙሉ ተበታትኖ አገር ውስጥ ለሚገጣጠም ዜሮ ተደረገ። የእኛ የአንድ ሚሊዮን ብር መኪና በዚህ ውሳኔ ሲሰላ የሚከፍለው 150,000 ብር ብቻ ነው። የሁለቱ ልዩነት 1,481,200 ብር። ሰው የኤሌክትሪክ መኪና የገዛው አካባቢ ወዶ ነው የሚሉ ጽሑፎች አንብቤያለሁ፤ እኔ ግን ይህንን ቁጥር ነው የማምነው።

ይሁን እንጂ ቀረጡ የሚሰላው በብር በመሆኑ ሌላ በር አለ። ሐምሌ 22 ቀን 2016 ዓ.ም. የውጭ ምንዛሪ ገበያው ሲለቀቅ ዶላር ከ57 ብር ተኩል አካባቢ ተነስቶ በጥቂት ወራት ውስጥ ከ110 ብር አለፈ። 15,000 ዶላር የሆነ መኪና በ57.50 ምንዛሪ 862,500 ብር ነው፤ 15 በመቶ ቀረጡ 129,375 ብር። ያው መኪና በ115 ብር ምንዛሪ 1,725,000 ብር ይሆንና ቀረጡ 258,750 ብር ይደርሳል። የቀረጡ መቶኛ አንድም አልተነካም፤ የሚከፈለው ብር ግን እጥፍ ሆነ። ወንድሜ ያዘዘው ከለውጡ በፊት፣ መኪናው ወደብ የደረሰው ከለውጡ በኋላ ነበር። እቁቡን ወጥቶ፣ ከእናታችን ተበድሮ የሞላው ያንን ልዩነት ነው።

ወረቀቱ

በሕግ ደረጃ ምዝገባውን የሚመራው በ2002 ዓ.ም. የወጣው የተሽከርካሪ መለያ፣ መመርመሪያና መመዝገቢያ አዋጅ ቁጥር 681 ነው። አዲስ አበባ ውስጥ ሥራውን የሚሠራው የከተማው አሽከርካሪና ተሽከርካሪ ፈቃድና ቁጥጥር ባለሥልጣን በየቅርንጫፉ ነው። ሐሳቡ ቀላል ነው። መኪናው በሕጋዊ መንገድ መግባቱን የጉምሩክ ዲክላራሲዮኑና የቀረጥ ደረሰኙ ያሳያሉ፤ የማን እንደሆነ የግዢ ሰነዱ ያሳያል፤ ለመንገድ ብቁ መሆኑን ምርመራው ያሳያል፤ ሰው ቢጎዳ ካሳ እንዳለ የሦስተኛ ወገን መድኑ ያሳያል። እነዚህ ሲሟሉ ታርጋና ሊብሬ ይሰጣል፤ በየዓመቱም ቦሎ ይታደሳል። ስም የሚዛወር ከሆነ የባለቤትነት ማስተላለፊያ ሰነዱ ላይ በ1990 ዓ.ም. የቴምብር ቀረጥ አዋጅ የተጣለው 2 በመቶ አለ። ይህ በመኪናው ዋጋ ላይ የሚሰላ ስለሆነ ከታርጋና ከፎርም ክፍያዎች ሁሉ ይበልጣል፤ ብዙ ገዢ በጀቱ ውስጥ የማያስገባውም እሱን ነው።

መኪናውን ለሥራ የሚገዛ ሰው ሌላም ምርጫ ይጠብቀዋል። በከተማችን ለረጅም ጊዜ በሠራው አመዳደብ ኮድ 2 የግል፣ ኮድ 3 የንግድ ነበር። ወንድሜ መኪናውን የገዛው በስልክ ጥሪ ለሚሠራ ታክሲ በመሆኑ ኮድ 3 ማውጣት ነበረበት፤ እሱ ደግሞ የንግድ ፈቃድ፣ ቲን ቁጥርና በዓመት የሚዘጋ የግብር ሒሳብ ይጠይቃል። "ኮድ 2 አውጥቼ ተደብቄ ብሠራስ?" የሚለው ፈተና ቀላል አይደለም። ብዙዎች ሲያደርጉት አይተናል፤ ሲያዙም አይተናል።

አሁን ወደ ቋንቋው እንምጣ። ሊብሬያችን ላይ የሻንሲ ቁጥር፣ የሞተር ቁጥር፣ የሲሊንደር ብዛት፣ የሞተር ይዘት፣ የነዳጅ ዓይነት የሚሉ ቦታዎች አሉ። የኤሌክትሪክ መኪና ሲሊንደር የለውም፤ ይዘትም የለውም። የኤሌክትሪክ ሞተሩ ቁጥር አለው፣ ነገር ግን አንዳንዱ መኪና ፊትና ኋላ ሁለት ሞተር ስላለው የትኛው ቁጥር ይጻፍ የሚለው ራሱ ጥያቄ ነው። በእኛ ዶሴ ሲሊንደር የሚለው ላይ ሰረዝ ተደረገ፤ ይዘት የሚለው ላይ ጸሐፊዋ ትንሽ አሰበችና "ይሄ ደግሞ ምን ይባላል?" ብላ ጎረቤት ጠረጴዛ ጠየቀች። እዚያም ሰረዝ ሆነ። ስለ መኪናው ኃይል ሊነግረን የሚችለው ኪሎዋት፣ ስለ ዋጋው ሊነግረን የሚችለው የባትሪው ኪሎዋት ሰዓት ግን የሚጻፉበት ቦታ አልነበራቸውም። ለምሳሌ ቢዋይዲ ሲጋል የምትባለው ትንሽ መኪና 55 ኪሎዋት ሞተር ይዛ በ30.08 ወይም በ38.88 ኪሎዋት ሰዓት ባትሪ ትመጣለች። ውጪዋ አንድ ነው። ሁለተኛ እጅ የሚገዛ ሰው ልዩነቱን ከሊብሬው ማወቅ ካልቻለ በሻጩ አፍ ብቻ ሊተማመን ነው።

እኛን ያጓተተን ግን ሌላ ነበር። ትራንዚተሩ ዲክላራሲዮኑን ሲሞላ ከሻንሲ ቁጥሩ ውስጥ አንዱን ዜሮ "ኦ" ብሎ በላቲን ፊደል ጽፎታል። መርማሪው ከመኪናው ላይ ያነበበው ዜሮ፣ ወረቀቱ ላይ ያለው "ኦ"። አልተገናኘም ተባለና ተመለስን። ማረሚያው እስኪመጣ 11 ቀን መኪናው ግቢ ውስጥ ቆመ፤ የባንክ ብድሩ ወለድ ግን አልቆመም። እዚህ ላይ ለአንባቢያን የሚጠቅም ነገር ላስቀምጥ። በዓለም አቀፉ ደረጃ መሠረት የሻንሲ ቁጥር 17 ፊደልና አኃዝ አለው፤ ከአንድና ከዜሮ ጋር እንዳይምታቱ ሲባል አይ፣ ኦ እና ኪው የሚባሉት የላቲን ፊደላት ጨርሶ አይገቡበትም። ስለዚህ በሻንሲ ቁጥር ውስጥ "ኦ" ካያችሁ ያለ ጥርጥር ስሕተት ነው፤ ክርክር አያስፈልገውም። ይህንን በአንድ ገጽ ጽፈን ከማመልከቻው ጋር ማያያዛችን ማረሚያውን አፋጥኖልናል ብዬ አምናለሁ። የቁጥሩ የመጀመሪያ ፊደል "ኤል" ከሆነ መኪናው ቻይና የተሠራ ነው። 10ኛው ቦታ ደግሞ ዓመቱን ይናገራል፤ "ኤን" 2022፣ "ፒ" 2023፣ "አር" 2024፣ "ኤስ" 2025 ማለት ነው፣ ሁሉም እ.ኤ.አ.። ሻጩ "የ2024 ናት" ቢላችሁ ቆጥራችሁ 10ኛዋን እዩዋት። ቀብድ ከመክፈላችሁ በፊት ቢሆን ይመረጣል።

ምርመራው

በዚህ ላይ ብዙ አልቆይም። ዓመታዊው ምርመራ ፍሬን፣ መብራት፣ ጎማ፣ መሪ ያያል፤ እነዚህ ለኤሌክትሪክ መኪናም ያው ናቸው። የጭስ ምርመራው ግን ትርጉም የለውም። (የጭስ መለኪያ ቱቦውን ይዞ በመኪናዋ ኋላ የዞረ አንድ ወጣት ቴክኒሻን "የት ነው የምሰካው?" ብሎ ሁላችንንም አስቆናል።) ጭስ ሲወጣ በቦታው የሚገባ ነገር መኖር አለበት፤ እኔ የምለው የባትሪው ሁኔታ ነው። ባትሪው ከመኪናው ዋጋ ትልቁን ድርሻ ይይዛል፣ መንገድ ላይ ድንጋይ ሲመታው ደግሞ አደጋ አለው። በሥሩ የሚያልፈውን የከፍተኛ ቮልቴጅ ገመድና የባትሪውን ሽፋን በዓመት አንድ ጊዜ ገልብጦ ማየት የጭስ መለኪያ ከመያዝ ብዙም የሚከብድ አይመስለኝም። መድን ገዢዎችም ይህንን ልብ ሊሉ ይገባል። በአዋጅ ቁጥር 799/2005 ግዴታ የሆነው የሦስተኛ ወገን መድን የሚክሰው ሌላውን ሰው ነው እንጂ የእናንተን ባትሪ አይደለም።

መንገዱን ማን ይክፈል?

እስካሁን ያልኩት ሁሉ ወደዚህ የሚያመጣ ነው። በ1989 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 66 የመንገድ ፈንድ ሲቋቋም ለጥገና የሚሆነው ገንዘብ በዋነኛነት ከነዳጅ ላይ እንዲሰበሰብ ተደረገ። በየሊትሩ ትንሽ ትንሽ፤ ማንም ሳያስተውለው። ከዚያ በተጨማሪ በአክሰል ጭነት የተመሠረተ የዓመታዊ ፈቃድ ማሳደሻ ክፍያና ከልክ በላይ የጫነ የሚቀጣው ቅጣት በአዋጁ ተጠቅሰዋል። ዋናው ግን ነዳጁ ነው።

መምህራችን ሲያስረዱን የነዳጅ ክፍያ ለምን ጥሩ እንደሆነ ሦስት ምክንያት ሰጥተውን ነበር። ብዙ የሚነዳ ብዙ ይከፍላል። ከባድ መኪና ብዙ ነዳጅ ስለሚጠጣ ብዙ ይከፍላል። ሰብሳቢው ደግሞ በየመኪናው መሄድ የለበትም፤ በጥቂት ዴፖዎች ላይ ቆሞ ይሰበስባል። የኤሌክትሪክ መኪና ሦስቱንም በአንድ ጊዜ ያፈርሳቸዋል። ከግድግዳ ሶኬት የሚሞላ መኪና ለመንገዱ የሚከፍለው ሳንቲም የለም። ባለሥልጣናት እ.ኤ.አ. በ2024 አገር ውስጥ ያሉት የኤሌክትሪክ መኪኖች ከ100 ሺህ በላይ ደርሰዋል ሲሉ ሰምተናል። ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. የተመረቀው የሕዳሴ ግድብም 5,150 ሜጋዋት የማመንጨት አቅም ይዞ መጥቷል፤ ኃይሉ አለ። ስለዚህ ቁጥሩ ይጨምራል እንጂ አይቀንስም።

ሌሎች አገሮች ምን አደረጉ? ብዙዎቹ መጀመሪያ ሰጡ፣ ቀጥሎ ወሰዱ። እስራኤል የኤሌክትሪክ መኪና የግዢ ታክሷን እስከ 2022 ከነበረበት 10 በመቶ በ2023 ወደ 20፣ በ2024 ወደ 35፣ በ2025 ወደ 45 በመቶ ከፍ አድርጋለች። ኖርዌይ ለዓመታት ሙሉ የነበረውን የቫት ነፃነት በጃንዋሪ 2023 ዋጋው ከ500,000 ክሮነር በላይ በሆነው ክፍል ላይ አንስታለች፤ በዚያው ዓመትም በክብደት ላይ የተመሠረተ የምዝገባ ታክስ ጨመረች። (ዓመቶቹ እዚህ ሁሉ እ.ኤ.አ. ናቸው።) ከዚህ የምረዳው የእኛም የ2022ቱ ነፃነት ለዘለዓለም ታስቦ እንዳልተሰጠ ነው፤ መኪና በብድር የሚገዛ ሰው የወደፊቱን ሲያሰላ ይህንን ማስገባት አለበት።

ሁለተኛው ዓይነት መልስ በዓመታዊ ምዝገባ ላይ ጠፍጣፋ ክፍያ መጨመር ነው። ብዙ ወገኖቻችን በሚኖሩበት በአሜሪካ ይህ ተለምዷል። የቴክሳስ ግዛት ከሴፕቴምበር 2023 ጀምሮ የኤሌክትሪክ መኪና ባለቤትን በዓመታዊ እድሳት 200 ዶላር፣ ለሁለት ዓመት በሚያገለግለው የአዲስ መኪና የመጀመሪያ ምዝገባ ላይ 400 ዶላር ማስከፈል ጀመረ። ሜሪላንድ በጁላይ 2024 125 ዶላር ጨመረች። ፍትሐዊ ነው ወይ? እናስላው። በቴክሳስ የቤንዚን ታክስ ከ1991 ጀምሮ በጋሎን 20 ሳንቲም ነው፤ የፌዴራሉ ደግሞ ከ1993 ጀምሮ 18.4 ሳንቲም። በዓመት 12,000 ማይል የሚነዳና በጋሎን 30 ማይል የሚሄድ የቤንዚን መኪና 400 ጋሎን ይጠቀማል። ለግዛቱ 80 ዶላር፣ ለፌዴራሉ 73.60፣ በድምሩ 153.60 ዶላር። የኤሌክትሪክ መኪናው ባለቤት ለግዛቱ ብቻ 200 ዶላር ሲከፍል ከቤንዚን ነጂው ከሁለቱም ድምር በላይ እየከፈለ ነው። ዳላስ ላይ ቀንና ሌሊት ተሳፋሪ የሚያመላልስ ሾፌር ግን በዓመት 40,000 ማይል ነድቶ ያችኑ 200 ዶላር ስለሚከፍል ለእሱ ርካሽ ናት። ቤተ ክርስቲያንና ገበያ ብቻ የምትነዳ ጡረተኛ እናት ደግሞ የእሱን መንገድ እየከፈለችለት ነው።

ሦስተኛው መልስ በኪሎ ሜትር ማስከፈል ነው። ኒውዚላንድ በኤፕሪል 2024 ለቀላል የኤሌክትሪክ መኪኖች በ1,000 ኪሎ ሜትር 76 የኒውዚላንድ ዶላር ማስከፈል ጀመረች። አይስላንድ በዚያው ዓመት ጃንዋሪ ላይ በኪሎ ሜትር 6 ክሮና ብላ ጀመረች። ቨርጂኒያ ደግሞ ከ2022 ጀምሮ መሐል መንገድ መርጣለች፤ ባለቤቱ ከፈለገ ዓመታዊውን ክፍያ በአንዴ ይከፍላል፣ ካልፈለገ በነዳው ማይል ልክ ይከፍላል፣ ነገር ግን ከዓመታዊው ጣሪያ አያልፍም።

ይህንን ወደ አዲስ አበባ እናምጣው። በትምህርት ክፍላችን መኪና ያለው አንድ መምህር በዓመት 8,000 ኪሎ ሜትር ይነዳል እንበል፤ ወንድሜ ደግሞ በመጀመሪያው ዓመት 48,000 ነድቷል። ሁለቱም የቤንዚን መኪና ቢኖራቸውና በ100 ኪሎ ሜትር 7 ሊትር ቢፈጁ መምህሩ 560 ሊትር፣ ወንድሜ 3,360 ሊትር ይቀዱ ነበር። የመንገድ ክፍያው ለስሌት ያህል በሊትር 1 ብር ቢሆን 560 ብርና 3,360 ብር ማለት ነው። መንግሥት ይህንኑ ገንዘብ በጠፍጣፋ ክፍያ ልሰብስብ ቢል ከእያንዳንዳቸው 1,960 ብር ይወስዳል። መምህሩ ሦስት እጥፍ ተኩል ይከፍላሉ፣ ወንድሜ ይተርፈዋል። በኪሎ ሜትር ቢሆን ግን 7 ሳንቲም ነው፤ ሁለቱም የበፊቱን ይከፍላሉ። ለቤተሰቤ የሚጠቅመው ጠፍጣፋው ነው። ትክክለኛው ግን የኪሎ ሜትሩ ነው ብዬ እጽፋለሁ፤ ወንድሜ ይህንን መጽሔት እንዳያነብ ተስፋ አደርጋለሁ።

"በክብደት ይሁን" የሚሉም አሉ፤ ባትሪ ከባድ ስለሆነ። እውነት ነው፣ ቮልስዋገን አይዲ 4 ወደ 2,100 ኪሎ ሲመዝን ቪትስ ወደ 1,000 ኪሎ ነች። ከ1958 እስከ 1960 እ.ኤ.አ. በአሜሪካ ኢሊኖይ፣ ኦታዋ ከተማ አጠገብ በተደረገው ትልቅ የመንገድ ሙከራ የተገኘው ደንብ በአስፋልት ላይ የሚደርሰው ጉዳት ከአክሰል ክብደት አራተኛ ርቢ ጋር በግምት እንደሚያድግ ይናገራል። ስለዚህ የአይዲ 4 ጉዳት ከቪትስ 19 እጥፍ ገደማ ነው። ያስደነግጣል። ግን ባለ 10 ቶን አክሰል የጭነት መኪና በዚያው ደንብ አንድ አክሰሉ ብቻ ከአይዲ 4 አክሰል ከ8 ሺህ እጥፍ በላይ ይጎዳል። የትንሽ መኪኖችን ክብደት እየመዘኑ መከራከር ዝሆኑን ትቶ አይጦቹን መቁጠር ነው። ለቤት መኪና የሚያስከፍለው ምክንያት አስፋልቱን መስበሩ ሳይሆን መንገዱን መያዙ፣ መብራቱን፣ ምልክቱንና ትራፊኩን መጠቀሙ ነው፤ ይህ ደግሞ በኪሎ ሜትር ይለካል።

ታዲያ እንዴት ይሰበሰባል? እዚህ ላይ ክፍል ውስጥ ተከራክረናል። አንዱ ጓደኛዬ በቻርጅ ጣቢያ ላይ ይጣል አለ። ነገር ግን አብዛኛው የግል መኪና ማታ ግቢው ውስጥ ስለሚሞላ ክፍያው የሚያርፈው ግቢ በሌለው፣ ኮንዶሚኒየም ውስጥ በሚኖረው ላይ ነው። የቤት ቆጣሪ ላይ ይጨመር ቢባል ደግሞ ቆጣሪው መኪና ይሁን ምጣድ አያውቅም፤ እንጀራ ጋጋሪዋ የመንገድ ልትከፍል ነው።

የእኔ ሐሳብ ያለንን ነገር መጠቀም ነው። ሁሉም መኪና በዓመት አንድ ጊዜ ለቦሎ ይቀርባል። መርማሪው ፊት ለፊቱ ያለውን የኪሎ ሜትር ቆጣሪ አንብቦ ቢጽፍ፣ ካለፈው ዓመት ንባብ ቢቀንስና ልዩነቱ ላይ ክፍያ ቢሰላ አዲስ መሣሪያ አያስፈልግም፤ ሰው የት እንደዋለ የሚከታተል ሳተላይትም አያስፈልግም። ለሾፌሮች በአንዴ መክፈሉ ከባድ ከሆነ በሩብ ዓመት መክፈል እንዲችሉ ማድረግ ይቻላል።

"ኪሎ ሜትር ይዞራል" የሚል መልስ ወዲያው እንደሚመጣ አውቃለሁ፤ ያገለገለ መኪና የሚሸጡ ደላሎች ሲያደርጉት ኖረዋል። ይሁንና የኤሌክትሪክ መኪና የተነዳውን ርቀት ከዳሽቦርዱ ሌላ በባትሪ መቆጣጠሪያውና በሌሎች ኮምፒውተሮቹ ውስጥም ስለሚይዝ አንዱን አዙሮ ሌላውን መርሳት ቀላል ነው፤ ከተለያዩ ደግሞ በመመርመሪያ መሣሪያ ይታያል። ከዚህም በላይ በየዓመቱ የተጻፈ ንባብ ካለ ወደ ኋላ መሄድ አይቻልም፤ የአምናው 48,000 ከሆነ የዘንድሮው 40,000 ሊሆን አይችልም። ሁለተኛ እጅ ገዢውም ዛሬ ከሻጩ አፍ የሚሰማውን ቁጥር ከመዝገብ ያገኘዋል። ለዚህ የሚያስፈልገው ፎርሙ ላይ ሦስት ቦታ ነው፦ የሞተሩ ኪሎዋት፣ የባትሪው ኪሎዋት ሰዓት፣ የዓመቱ ኪሎ ሜትር። የሲሊንደር ብዛትና የሞተር ይዘት የሚሉት ሁለቱ ሰረዝ የተደረገባቸው ናቸውና ለሁለቱ ቦታ አለ፤ ለሦስተኛው የጭስ ምርመራ ውጤት የሚጻፍበት መስመር ይበቃል።